ጋሼ፣ አቆስጣ ምንድነው?

ጤና ይስጥልኝ ጋሼ። አዳማ ነው የምኖረው፣ እሁድ እሁድ ህጻናት ክፍል አስተምራለሁ። ባለፈው ኦሪት ዘጸአት ምዕራፍ 26ን እያነበብን የድንኳኑ መደረቢያ ጋ ስንደርስ አንዷ ልጅ እጇን አውጥታ «አቆስጣ ምንድነው?» አለችኝ። እውነቱን ልንገርዎት፣ ላብ ላብ አለኝ። «የፍየል ዘር ነው» ብዬ አለፍኩት። ቤት ገብቼ ባለቤቴን ስጠይቃት «አቆማዳ ለማለት ይሆናል» አለች፣ ዲያቆን ጓደኛዬ ደግሞ «በሙሴ ጊዜ የነበረ አውሬ ነው፣ አሁን የለም» አለኝ፣ ስልኬ ላይ ስፈልግ አንዱ ባጀር ይላል፣ አንዱ ዶልፊን፣ አንዱ የባህር ላም። የቱን ልያዝ? ልጅቷ እሁድ መልሳ መጠየቋ አይቀርም፣ የምትረሳ ልጅ አይደለችም።

የህጻናት ክፍል አስተማሪ፣ ከአዳማ

እንግዲህ ወንድሜ፣ እሁድ ስትገባ መጀመሪያ «ፍየል ያልኳችሁ ተሳስቼ ነው» በላቸው። ምክንያቱም ፍየሉ እዛው ምዕራፍ ላይ ለብቻው አለ። የፍየል ጠጉር መጋረጃው ከስር ነው፣ በሱ ላይ ቀይ የተለፋ የአውራ በግ ቁርበት ይደረባል፣ አቆስጣው ከሁሉም በላይ ነው የሚመጣው። ያቺ ልጅ ይሄን ብታስተውል ኖሮ ጉድህ ፈልቶ ነበር።

አሁን ወደ ቃሉ። አቆስጣ ፈረንጆቹ ኦተር የሚሉት እንስሳ ነው። በቃ። አልጠፋም፣ ተረትም አይደለም፣ እዚሁ አገራችን ወንዝና ሐይቅ ዳር የሚኖር ጡት አጥቢ ነው፣ ምግቡን ውሃ ውስጥ ይፈልጋል፣ እንቅልፉን ደረቅ መሬት ላይ ይተኛል፣ አጭር እግር፣ ጠፍጣፋ ራስ፣ ከስሩ ወፍሮ ጫፉ ላይ የሚቀጥን ረዥም ጭራ አለው፣ ጉንጩና አንገቱ ስር ነጭ ነው፣ ሌላው ገላው ቡኒ።

ላብ ላብ ስላለህ ደግሞ አትፈር፣ እኔም ቃሉን ስንት ዓመት ሙሉ አንብቤ አልፌዋለሁ። የገባኝ በመጽሐፍ አይደለም። የሆነ ጊዜ ለዘመድ ሰርግ ባህር ዳር ሄጄ ማታ በጭፈራው እንቅልፍ አጥቼ ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ብቻዬን ጣና ዳር ወጣሁ። ውሃው ጸጥ ብሏል፣ አንድ አሳ አጥማጅ ታንኳውን ዳር አስጠግቶ መረቡን ይፈታል። እኔ መጀመሪያ ያየሁት እንስሳውን ሳይሆን አረፋውን ነው፣ ውሃው ላይ መስመር ሰርቶ ቡልቅ ቡልቅ እያለ የሚሄድ አረፋ። ከዛ ጠፍጣፋ ራስ ብቅ አለ፣ ጺሙ ነጭ፣ አየን፣ አልደነገጠም፣ ጥልቀት የሌለው ድንጋያማ ቦታ ላይ መጥቶ ሁለት እጁን ድንጋይ ስር ከተተ። «እጁን» ያልኩት አፍ አምልጦኝ አይደለም፣ እጅ ነው፣ ጣት ያለው፣ ጥፍር የሌለው። የገረመኝ ደግሞ ዓይኑ እኛ ላይ ነው፣ እጁ ግን ድንጋዩ ስር ለብቻው ስራውን ይሰራል፣ ልክ እናቴ መብራት ሲጠፋ ወሬዋን ሳታቋርጥ ጓዳ ውስጥ በዳሰሳ ክብሪት እንደምትፈልገው። ከዛ ሸርጣን ይዞ ወጣ። ኮሽ ኮሽ ኮሽ፣ ቅርፊቱን ከነምናምኑ ነው የሚያኝከው፣ ድምጹ ቆሎ የሚቆረጥም ሰው ይመስላል።

«ምንድነው ይሄ?» አልኩት አሳ አጥማጁን። ቀና ሳይል «አቆስጣ ነዋ» አለኝ። ነዋ! እኔ ከኦሪት ዘጸአት ውጪ የትም ሰምቼው የማላውቀውን ቃል ሰውዬው ልክ ድመት እንደሚል ነው ያለው፣ ለሱ ቃሉ ብርቅ አይደለም፣ መረቡን የሚቀድበት፣ ከመረቡ ላይ ቀረሶ የሚባለውን አሳ የሚሰርቅበት ጎረቤቱ ነው። ትንሽ አለፍ ብሎ ድንጋይ ላይ ኩሱን አሳየኝ፣ የተፈጨ የሸርጣን ቅርፊት ብቻ ነው፣ ሽታው አሳ አሳ ይላል። እዚህ ቦታ አቆስጣ አለ ወይስ የለም ለማለት የሚፈልግ ሰው ከእንስሳው በፊት የሚያገኘው ይሄንን ነው።

ይሄ እኔ ያየሁት ጥፍር አልባው የሚባለው ነው። የሳይንስ ስሙ አኦኒክስ ካፔንሲስ ነው፣ አኦኒክስ በግሪክ ጥፍር የለሽ ማለት ነው፣ የፊት እጆቹ ላይ ጭራሽ የለም፣ የኋላ እግሩ ላይ ብቻ ገላውን የሚያበጥርባት ጥቃቅን ጥፍር ቢጤ አለችው። ሙሉ ሰውነት ሲይዝ ከ10 እስከ 20 ኪሎ ይመዝናል፣ ስለዚህ ደህና ውሻ ያክላል። ሌላው ዓይነት አንገቱ ላይ ነጠብጣብ ያለው ነው፣ እሱ አነስ ይላል፣ አሳ ላይ ነው ጎበዝነቱ፣ ጥፍርም አለው። አገራችን ሁለቱም ይጠቀሳሉ፣ ሁለቱም በዓለም የእንስሳት መዝገብ «ለአደጋ የተቃረበ» ተብለው ነው የተጻፉት። ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር ልጨምርልህ፣ እ.ኤ.አ. በ1903 ኦልድፊልድ ቶማስ የሚባለው የእንግሊዝ የእንስሳት ሊቅ የኢትዮጵያውን ጥፍር አልባ አቆስጣ ለብቻው ሲመዘግበው «ሜነሌኪ» አለው። አዎ፣ በምኒልክ ስም፣ ጃንሆይ በህይወት እያሉ። ልጆቹ ይሄን ይወዱታል፣ ንገራቸው።

ባለቤትህ ስላለችው ደግሞ፣ አቆማዳና አቆስጣ ድምጻቸው ይገጥማል እንጂ አይገናኙም። አቆማዳ እህል የሚቋጠርበት የቆዳ ከረጢት ነው፣ አቆስጣ ነፍስ ያለው እንስሳ ነው። ግን በሷ አልፈርድም፣ ሁለቱም ቆዳ ቆዳ ስለሚሸቱ ነው፣ «የአቆስጣ ቁርበት» ሲባል የሰማ ሰው ስለ እንስሳው ሳይሆን ስለ ቆዳው ዓይነት የሚወራ ይመስለዋል። ቁርበት የሚለው ቃል ራሱም ሳያደናግር አልቀረም። ቁርበት ስንል ቶሎ የሚመጣብን የከብት ነው፣ የሚነጠፈው፣ የሚተኛበት፣ የበግ ሲሆን አጎዛ እንላለን፣ ነጋዴው ጋ ሲደርስ ሌጦ ይሆናል፣ የቆሎ ተማሪ ትከሻ ላይ ሲወጣ ደበሎ ይባላል። እናም ቁርበት ያለው ነገር ትልቅ ከብት መሆን አለበት ብሎ ጭንቅላታችን ይወስናል፣ ውሻ የሚያክል የወንዝ እንስሳ ማን ያስባል?

አጻጻፉ ላይ አትጨነቅ፣ አቆስጣ በለው፣ ዓቆስጣ በለው፣ በድሮው ፊደል አቈስጣ በለው ያው አንድ ነው፣ ሲበዛ አቆስጣዎች፣ አፍ ላይ እንዲቀል አቆስጦች።

ቃሉ መጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ ያለው ሶስት መጽሐፍ ላይ ነው። ዘጸአት ላይ ድንኳኑ ሲሰራ ከምዕራፍ 25 ጀምሮ ይደጋገማል፣ ዘኍልቍ 4 ላይ ሕዝቡ ሰፈር ሲቀይር ታቦቱና ንዋያቱ በሱ ይሸፈናሉ፣ ከዛ ሕዝቅኤል 16 ላይ እግዚአብሔር ኢየሩሳሌምን እንደ ሙሽራ አልብሶ ሲያስጌጣት ጫማዋ የአቆስጣ ቁርበት ነው። አስተውል፣ አንዴ የዝናብና የአቧራ መከላከያ ነው፣ አንዴ የሙሽራ ጫማ ነው። ጠንካራም ውድም ነገር ነው ማለት ነው።

እና አሁን ነው ነገሩ የሚጣፍጠው። አንተ የጠየቅከኝ አንድ ጥያቄ መስሎህ ነው እንጂ ሁለት ነው። አቆስጣ ምንድነው? ብለህ ከሆነ መልሱ ከላይ አለ፣ ኦተር። ሙሴ ድንኳኑ ላይ ያደረገው ምንድነው? ካልክ ግን ያ ሌላ ነው፣ ምክንያቱም ዕብራይስጡ ላይ ያለው ቃል «ተሐሽ» ነው፣ ተሐሽ ምን እንደሆነ ደግሞ ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ ሲያከራክር ነው የኖረው። ሰብዓ ሊቃናት ወደ ግሪክ ሲመልሱት ጭራሽ እንስሳ ነው አላሉም፣ ቀለም አድርገውታል፣ የያክንት ቀለም ያለው ቆዳ ብለው፣ ወደ ሰማያዊ የሚያደላ። ሉተር ወደ ጀርመን ሲመልሰው ዳክስ አለው፣ ባጀር ማለት ነው፣ መሬት ቆፍሮ የሚኖር የፈረንጅ አገር እንስሳ፣ ተሐሽና ዳክስ ድምጻቸው እንደሚቀራረብ አንተም ስታነበው ይሰማሃል (ባለቤትህ አቆማዳ ያለችው ከሉተር በምን ይለያል?)። እ.ኤ.አ. በ1611 የታተመው የእንግሊዙ መጽሐፍ ቅዱስም ባጀር ነው ያለው። ከዛ በኋላ የመጡት አንዱ የፍየል፣ አንዱ የዶልፊን ዘመድ፣ አንዱ የባህር ላም እያሉ ቀጠሉ፣ አንድ ታዋቂ የእንግሊዝኛ ትርጉም እንደውም መጀመሪያ የባህር ላም ብሎ እ.ኤ.አ. በ2011 ሲታረም «ሌላ ዓይነት ጠንካራ ቆዳ» ብሎ እጁን አወጣ። ስልክህ ላይ ያ ሁሉ የተዘበራረቀ መልስ የመጣልህ ለዚህ ነው፣ ሁሉም ተሐሽን ነው የሚተረጉሙት፣ አቆስጣን አይደለም።

የእንስሳ ስም አይደለም የሚሉ የቋንቋ ሰዎችም አሉ። በድሮው የአካድ ቋንቋ «ዱሹ» የሚባል ቃል አለ፣ የከበረ ድንጋይ ስም ነው፣ በዛ ድንጋይ ቀለም የተሰራ ቆዳም ዱሹ ይባላል፣ ተሐሽም ያው ነው ይላሉ። እኔን ብትጠይቀኝ ወደዚህ አደላለሁ። ለምን? አንደኛ የሙሽራዋ ጫማ ላይ ይገጥማል። ሁለተኛ፣ ዘሌዋውያን 11 ላይ በመዳፉ የሚሄድ እንስሳ ርኩስ ነው ይላል፣ አቆስጣ ደግሞ በመዳፉ ነው የሚሄደው፣ ርኩስ የተባለውን እንስሳ ቆዳ ታቦት ላይ ማልበስ ይከብዳል። የአይሁድ ሊቃውንትም ታልሙድ ላይ እዚህ ጋ ተጨንቀዋል፣ ራቢ ሜኢር ተሐሽ ግንባሩ ላይ አንድ ቀንድ ያለው ለሙሴ ጊዜ ብቻ የተገለጠና ከዛ የተሰወረ ፍጥረት ነው ብለዋል። ዲያቆን ጓደኛህ «አሁን የለም» ያለህ ወሬ እንግዲህ ከመሬት የመጣ አይደለም፣ ጥንት የተባለ ነው፣ ግን ስለ ተሐሽ የተባለ ነው።

ሶስተኛው ምክንያቴ ሂሳብ ነው፣ ሳቅብኝ። የፍየል ጠጉር መጋረጃዎቹ 11 ናቸው፣ እያንዳንዱ ርዝመቱ 30 ክንድ ወርዱ 4 ክንድ። ሲቀጣጠሉ 30 በ44 ክንድ ይሆናል። ክንዱን ወደ 45 ሳንቲ ሜትር አስበው፣ ከ260 ካሬ ሜትር በላይ ነው። ላይኛው መደረቢያ ይሄን ለመሸፈን ቢሰራ፣ ከአንድ አቆስጣ ቢበዛ ሲሶ ካሬ ሜትር ቆዳ ብታገኝ፣ ወደ 800 አቆስጣ ያስፈልግሃል። ሲና በረሃ ውስጥ! ወንዝ በሌለበት!

ታዲያ የኛዎቹ ተርጓሚዎች ለምን አቆስጣ አሉ? የኔ ግምት ይሄ ነው። በ1954 ዓ.ም. የታተመው ትርጉም ከዕብራይስጡ ጋር እየተያየ ስለተሰራ ግሪኩን ተከትሎ ቀለም ብሎ መገላገል አልቻለም፣ የእንስሳ ስም ያስፈልገው ነበር። ባጀር እኛ አገር ሕዝብ የሚያውቀው አይደለም፣ የባህር ላምን ደገኛው አይቶት አያውቅም። ውሃ የማይዘልቀው ጥቅጥቅ ያለ ጠጉር ያለው፣ ቆዳው የሚፈለግ፣ የራሱ የአማርኛ ስም ያለው እንስሳ ፈልገው አቆስጣን አገኙ። እኔ ብልሃተኛ ምርጫ ነው እላለሁ፣ ጉዳቱ ግን ቃሉ ከወንዝ ዳር ተነስቶ መጽሐፍ ውስጥ ሲገባ ከተማ ያለነው ሰዎች የመጽሐፍ ብቻ መሰለን፣ እንደ ኪሩብ እንደ ሌዋታን። ለልጅቷ እንግዲህ ሁለቱንም ንገራት፣ አቆስጣ ጣና ላይ ሸርጣን የሚቆረጥመው ነው፣ ሙሴ የተጠቀመው ደግሞ ተሐሽ የሚባል ነገር ነው፣ አቆስጣ ያሉት ተርጓሚዎቹ ናቸው በላት። የ10 ዓመት ልጅ ይገባታል፣ የሚያስቸግሩት ትልልቆቹ ናቸው።

ውድ አዘጋጅ፣ እኔ አሽዶድ ነው ያለሁት፣ ከመጣን 20 ዓመት አልፎናል። ልጄ ከትምህርት ቤት መጥታ «እማ፣ ታሐሽ ማለት የባህር ላም ነው» አለችኝ። እኔ ደግሞ የአማርኛውን መጽሐፍ አውጥቼ አቆስጣ ነው አልኳት። እሷ በስልኳ ፎቶ አሳየችኝ፣ ትልቅ፣ ግራጫ፣ እግር የሌለው፣ አፉ እንደ መጥረጊያ ሳር ላይ የሚሄድ። ተጣላን ማለት ይቻላል። ማናችን ነን ልክ?

እናት፣ ከአሽዶድ

እህቴ፣ ልጅሽ የዛሬውን ዕብራይስጥ በትክክል ተምራለች፣ አንቺም የአማርኛውን በትክክል አንብበሻል፣ እርቅ ፍጠሩ። በዛሬው ዕብራይስጥ ያ እንስሳ፣ ዱጎንግ የሚባለው፣ ስሙ «ታሐሽ ሃሚሽካን» ነው፣ የማደሪያው ድንኳን ተሐሽ ማለት ነው። ግን ይሄ ስም ከሙሴ ዘመን በቀጥታ የወረደ እንዳይመስልሽ፣ መሀል ላይ አንድ ጀርመናዊ አለ።

ኤድዋርድ ሩፔል ይባላል፣ የፍራንክፈርት ሰው ነው። እ.ኤ.አ. ከ1831 ጀምሮ በምጽዋ ገብቶ ሰሜን ተራራን አልፎ ጎንደር ድረስ ዘልቆ ነበር። ዋልያንና ቀይ ቀበሮን በሳይንስ ስም የመዘገባቸው እሱ ነው፣ ጭላዳንም እንደዛው። ይሄው ሰው ቀይ ባህር ላይ ዱጎንግን ሲያይ ቆዳው ወፍራም፣ ጠንካራ፣ ለመሸፈኛ የሚሆን ሆኖ አገኘውና «የሙሴ ድንኳን የተሸፈነው በዚህ ነው» ብሎ አሰበ፣ በ1834ም ሃሊኮሬ ታበርናኩሊ ብሎ ሰየመው፣ ታበርናኩሉም በላቲን ድንኳን ነው። የሲና በደዊዎች ከዱጎንግ ቆዳ ጫማ ይሰሩ እንደነበር መንገደኞች ጽፈዋል፣ የሕዝቅኤል ጫማ እዚህ ላይ ትዝ ይልሻል። በአረብኛም «ቱኻስ» የሚል ቃል አለ፣ ለዶልፊንና ለመሰሎቹ የሚባል፣ ከተሐሽ ጋር ይመሳሰላል ብለው የሚከራከሩ አሉ። እና ግምቱ ባዶ አይደለም። በዛ በኔ ሂሳብ እንኳ ብንሄድ ሶስት ሜትር ከሚሆን እንስሳ ሰፊ ቆዳ ስለሚገኝ 800ው ወደ 60፣ 70 ይወርዳል።

ልዩነታቸውን ለልጅሽ ለማስረዳት፣ ዱጎንግ ከውሃ አይወጣም፣ የባህር ሳር ነው የሚግጠው፣ ከአሳ ጋር ጸብ የለውም። አቆስጣ ይወጣል፣ ይሮጣል፣ ጸሐይ ይሞቃል፣ ስጋ በል ነው። እናንተ አገር ሰሜኑ ላይ ገሊላ አካባቢ የአውሮፓው ዓይነት አቆስጣ አለ፣ በዕብራይስጥ «ሉትራ» ነው የሚሉት። ስለዚህ አንቺ አቆስጣ ስትዪ እሷ ሉትራ ብላ ትተርጉመው፣ እሷ ታሐሽ ስትል አንቺ የባህር ላም በዪ። ኦሪት ስታነቡ ብቻ ነው ሁለታችሁም የምትቆሙት።

ጋሼ እንደምን ሰነበቱ? የጎንደር ልጅ ነኝ። አያታችን ስንረብሽ «ያንን ጉማሬ አምጡልኝ!» ሲሉ ልጅ ሆነን እውነትም ጉማሬ የሚመጣ ይመስለን ነበር፣ ሰሞኑን ስናወራ ወንድሜ አለንጋው ነው ጉማሬ የሚባለው አለኝ። እውነት ነው?

ከጎንደር

እውነት ነው፣ አያትህ ያስመጡት የነበረው አለንጋውን ነው። ከጉማሬ ቆዳ ተቆርጦ፣ ተጠቅልሎ፣ ደርቆ የሚሰራው ጅራፍ በእንስሳው ስም ጉማሬ ይባላል፣ ልክ ብርጭቆን ከተሰራበት ነገር ለይተን እንደማንጠራው። የቀመሰው ያውቀዋል፣ እኔ ቀምሻለሁ፣ ዝርዝር ውስጥ አልገባም። ጣና ላይ ጉማሬ ማደን የወይጦዎች ስራ ነበር፣ ስጋውን ይበላሉ፣ ቆዳው ለአለንጋና ለጋሻ ይሸጣል፣ በዛ ምክንያት ጎረቤቱ ሁሉ ክርስቲያኑም እስላሙም አብሯቸው አይበላም ነበር። የራሳቸው ቋንቋም ነበራቸው፣ ጠፍቶ ዛሬ አማርኛ ነው የሚናገሩት። ሳስበው የሚቆጨኝ ይሄ ነው፣ ስለ ውሃ አውሬ በዛ አካባቢ ከነሱ በላይ የሚያውቅ አልነበረም፣ ስለ ጉማሬም ስለ አቆስጣም ስንት ቃል ይዘው ሄደው ይሆናል።

ከላይ ካነሳነው ጋር የሚሄድ አንድ ነገር ልጨምር፣ ኢዮብ 40 ላይ ዕብራይስጡ «ብሔሞት» ያለውን የ1954ቱ ትርጉም ጉማሬ ነው ያለው፣ እንደ በሬ ሣር የሚበላው ማለት ነው። መጽሐፈ ሄኖክ ላይ ግን ብሔሞት ያው ብሔሞት ነው፣ ሌዋታን ባህር ውስጥ፣ እሱ ምድረ በዳ ውስጥ የሚኖር ግዙፍ ፍጥረት። የአቆስጣው ዘዴ እዚህም ሰርቷል፣ የማይታወቀው ስም ላይ የሚታወቅ አውሬ ተቀመጠበት።

ሰላም ጋሽዬ፣ ከሜሪላንድ ነው። ልጄ 6 ዓመቱ ነው፣ ዙ ሄደን መስታወት ውስጥ የሚዋኘውን ኦተር አይቶ ሞተ ተነሳ፣ ከዛ «ማሚ በአማርኛ ምንድነው?» አለኝ። እኔ የውሃ ድመት አልኩት፣ አባቱ የለም የውሃ ውሻ ነው አለ፣ እናቴ በስልክ «ምን ታደርጉታላችሁ ኦተር በሉት» አሉ። ካርቱን ላይ ደግሞ እንጨት የሚቆርጥ ሌላ አለ፣ እሱም ያው ነው ወይ? እባክዎ ቤታችንን ያስታርቁ።

የአንድ ልጅ እናት

አንቺ ልጅ፣ የዚህን ወር አምድ ከላይ አንብበሽ ከመጣሽ መልሱን አግኝተሽዋል፣ አቆስጣ ነው። ድመትም ውሻም አትፍጠሩ፣ የተዘጋጀ ስም እያለ ከእንግሊዝኛና ከግምት እየቀጣጠልን ስም የምንሰራው ነገር ያናድደኛል፣ ምናልባት ከሙያዬ ይሆናል። በዘሩ ከሆነ ደግሞ ሁለታችሁም ተሸንፋችኋል፣ አቆስጣ የድመትም የውሻም ወገን አይደለም፣ ከባጀር ጋር ነው የሚመደበው (ሉተርን አስታውሺ፣ ተሳስቶም ቤተሰቡን አልሳተም)። እናትሽን በአክብሮት ሰላም በይልኝ፣ እሳቸው ኦተር ቢሉም ምንም አይደል፣ ልጁ ግን ይያዘው።

ካርቱኑ ላይ እንጨት የሚቆርጠው ቢቨር ነው፣ ሌላ ነው። ቢቨር እንደ አይጥ ትልልቅ የፊት ጥርስ ያለው፣ ጭራው እንደ መቅዘፊያ ዝርግ የሆነ፣ ቅጠልና ልጣጭ የሚበላ ነው፣ አፍሪካ ውስጥ የለም፣ ስለዚህ አማርኛም ስም አላወጣለትም፣ ቢቨርን ቢቨር በይው። አቆስጣ እንጨት አይቆርጥም፣ ግድብ አይሰራም፣ ስራው አሳና ሸርጣን ማሳደድ፣ ከዛ መጫወት፣ ከዛ መተኛት ነው። ስድስት ዓመት ልጅ የወደደው ለዚህ ይመስለኛል።

ዙ ውስጥ ያያችሁት ምናልባት የአሜሪካው ዓይነት ነው፣ እሱ ጥፍር አለው። በሚቀጥለው ስትሄዱ እጁን እንዲያይ ንገሪው፣ ጥፍር ካለ የነሱ አገር አቆስጣ ሳይሆን አይቀርም፣ ከሌለ የኛው የጥፍር አልባው ዘመድ ነው በይው። አነጋገሩንም ከአሁኑ አስለምጂው፣ «ቆ»ዋ ከጉሮሮ፣ «ጣ»ዋ ጠበቅ ብላ። እዛ ያደጉ ልጆች «አኮስታ» ነው የሚሉት፣ አኮስታ የሚባል የክፍል ጓደኛ ካለው ደግሞ ሸርጣን ትበላለህ ብሎ እንዳይጣላው።